መንገዱ በአባቴ እርሻ ሊያልፍ ነው፤ «በፈቃዴ ሰጥቻለሁ» ብለው ይፈርሙ?

ጥያቄ፦ «አባቴና እናቴ የሚኖሩት በአማራ ክልል፣ ከአንዲት ትንሽ የወረዳ ከተማ በእግር ሃያ ደቂቃ በሚያስኬድ ቀበሌ ነው። ወረዳው ከከተማዋ ተነስቶ ወደ ጎረቤት ቀበሌዎች የሚዘልቅ የጠጠር መንገድ እያስጠረገ ነው። ባለፈው ሳምንት ቀያሾች መጥተው እርሻችን ውስጥ ቀይ ቀለም የተቀባ ችካል ተከሉ። ስፋቱ 12 ሜትር ነው፤ በእኛ ይዞታ ላይ የሚያልፈው ርዝመት 100 ሜትር ገደማ ይሆናል። ማድ ቤቱ፣ ጌሾውና አንድ ረድፍ ባሕር ዛፍ መስመሩ ውስጥ ገብተዋል። የቀበሌው ሰዎች ‹መንገዱ ለእናንተው ነው፣ መሬቱም የመንግሥት ነው› እያሉ አባቴ በፈቃዳቸው እንደሰጡ የሚገልጽ ወረቀት እንዲፈርሙ ጠይቀዋቸዋል። አጎቴ ደግሞ ‹እንዳትፈርም፣ በገበያ ዋጋ ይክፈሉህ› ይላል። የይዞታ ደብተር አላቸው። እኔ ዱባይ ነኝ። እምቢ ማለት ይችላሉ? ምን ቢያደርጉ ይሻላል?»

ምላሽ፦ አባትዎ ያን ወረቀት አይፈርሙ። ዶዘሩ ሲመጣም ፊቱ አይቁሙ። የመጀመሪያው መብታቸውን በገዛ እጃቸው ያስጥላቸዋል፤ ሁለተኛው ባለመብት ሆነው ሳለ ተከሳሽ ያደርጋቸዋል። በሁለቱ መካከል ሕጉ የከፈተው በር አለ። ቀን የተቆረጠለት ስለሆነ ግን ሳምንት ሁለት ሳምንት እያሉ የሚጠብቁት አይደለም።

አስቀድሞ ሁለቱን አባባሎች እናጥራ፤ ቀበሌውም አጎትዎም የያዙት ግማሽ እውነት ነው። መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑ በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 ተጽፏል። ስለዚህ አባትዎ መሬቱን መሸጥ አይችሉም፤ አጎትዎ እንደሚሉት የመሬቱን የገበያ ዋጋ መጠየቅም አያስኬድም፤ ያንን ቢይዙ ዋናውን ጥያቄያቸውን ያዳክማሉ። ነገር ግን እዚያው አንቀጽ ውስጥ፣ ንዑስ አንቀጽ 7 ላይ፣ ማንም ኢትዮጵያዊ በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬቱ ላይ ለሠራው ቋሚ ንብረትና ላደረገው ቋሚ መሻሻል ሙሉ መብት እንዳለው ተደንግጓል። ንዑስ አንቀጽ 8 ደግሞ መንግሥት የግል ንብረትን ለሕዝብ ጥቅም መውሰድ የሚችለው ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ከፍሎ መሆኑን ይናገራል። «በቅድሚያ» የምትለዋን ቃል አባትዎ በደንብ ይያዙዋት። ማድ ቤቱ፣ ጌሾው፣ ባሕር ዛፉ፣ አጥሩ፣ ድንጋዩ ተለቅሞ የተሠራው እርከን የመንግሥት አይደሉም፤ የአባትዎና የእናትዎ ናቸው። መሬቱን የመጠቀም መብታቸውም ሲቋረጥ ራሱን የቻለ ካሳ አለው። «መሬቱ የመንግሥት ነው» የሚለው አባባል ካሳን አያስቀርም፤ የሚያስቀረው የመሬቱን የሽያጭ ዋጋ ብቻ ነው።

እምቢ ማለትን በተመለከተ በግልጽ ልንገርዎ። መንገድ ከሕዝብ ጥቅም ሥራዎች ሁሉ የማያከራክረው ነው። «ለሕዝብ ጥቅም አይደለም» ተብሎ የሚቀርብ አቤቱታ ወድቆ ይቀራል ብለው ያስቡ። መከራከር የሚያዋጣው በሌላ ነገር ላይ ነው፦ ሥርዓቱ ተጠብቋል ወይ፣ ልኬቱ ትክክል ነው ወይ፣ ንብረቱ ሁሉ ተቆጥሯል ወይ፣ ስሌቱ በሕጉ ነው ወይ፣ ክፍያው ከማስለቀቁ ቀድሟል ወይ። መስመሩ ትንሽ ቢዞር ማድ ቤቱ የሚተርፍ ከሆነ ይህንንም መጠየቅ ይቻላል፤ ጊዜው ግን ችካሉ በተተከለ ማግስት እንጂ ማሽኑ ከገባ በኋላ አይደለም። የጠጠር መንገድ ሁለት ሦስት ሜትር ወደ ጎን መሳብ ለቀያሹ የግማሽ ቀን ሥራ ነው። ጥያቄውን በጽሑፍ፣ የእጅ ንድፍ ጨምረው ለወረዳው መንገድ ጽሕፈት ቤት ያስገቡ።

አሁን የሚሠራበት ዋናው ሕግ አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ነው፤ ማስፈጸሚያው ደንብ ቁጥር 472/2012፣ ማሻሻያው አዋጅ ቁጥር 1336/2016 ናቸው። የተሻረውን አዋጅ 455/1997 እያነበቡ የሚከራከሩ ሰዎች ዛሬም አሉ፤ አባትዎን የሚያግዝ ሰው ካለ የትኛውን እንደያዘ ያረጋግጡ፣ ምክንያቱም ስሌቱ ላይ ልዩነቱ ብዙ ነው።

ሕጉ የሚጠብቀው ቅደም ተከተል ይህ ነው። ባለይዞታዎች መሬቱን ከማስረከባቸው ቢያንስ ከ1 ዓመት በፊት ስለ ሥራው ዓይነትና ጥቅም ይወያያሉ፤ መሬቱ በአስቸኳይ ሲፈለግ ይህ ጊዜ ሊያጥር ይችላል። ቀጥሎ ሥልጣን ያለው አካል ለሕዝብ ጥቅም እንዲለቀቅ ይወስናል። ከዚያ መሬቱና ንብረቱ ይለካል፣ ይቆጠራል፣ ይገመታል። ለባለይዞታው የካሳውን መጠን ወይም የምትኩን መሬት የሚገልጽ ማስታወቂያ በጽሑፍ ይደርሰዋል። ካሳው ይከፈላል። ባለይዞታው ካሳውን ወይም ምትኩን ከተቀበለ በኋላ እስከ 120 ቀን ባለው ጊዜ ያስረክባል፤ በመሬቱ ላይ ሰብልም ተክልም ሌላ ንብረትም ከሌለ ግን ጊዜው 30 ቀን ነው። ይህ ሁሉ ተሟልቶ ሳለ አልለቅም ያለን ሰው አስተዳደሩ በፖሊስ ማስለቀቅ ይችላል። አባትዎ ዘንድ የደረሰው እስካሁን ችካልና የቃል ጥያቄ ብቻ ነው። ችካል ማስታወቂያ አይደለም።

አንድ ጥንቃቄ እዚህ ላይ፦ የጽሑፍ ማስታወቂያ ከደረሰ በኋላ መስመሩ ውስጥ የሚሠራ አዲስ ግንብ ወይም የሚተከል አዲስ ችግኝ ካሳ አያስገኝም። አንዳንዱ በአንድ ሌሊት ሃምሳ ችግኝ ተክሎ ያድራል። ገማቾች ይህን በአፈሩ ያውቁታል፤ የተገኘበት ሰውም ስለ እውነተኛው ንብረቱ ሲናገር አይታመንም።

ልኬቱን አጥብቄ የማነሳው ብዙ ገበሬ ሳያውቀው የሚጎዳው እዚህ ስለሆነ ነው። «12 ሜትር» ሲባል ከየት እስከ የት ነው? ተሽከርካሪው የሚሄድበት ገጽ ብቻ ነው ወይስ ቦዩንና የሙሌቱን (መንገዱን ከፍ ለማድረግ የሚደለደለውን አፈር) ዳር ይጨምራል? በሜዳ ላይ ልዩነቱ ትንሽ ነው፤ በተዳፋት ላይ ግን የእርሻ ቁራጭ ይበላል። ምሳሌ ልስጥ። መንገዱ በአንድ ዝቅ ያለ ቦታ ላይ 2 ሜትር ከፍታ ባለው ሙሌት ላይ ያልፋል እንበል፤ የሙሌቱ ጎን ለእያንዳንዱ 1 ሜትር ከፍታ 1.5 ሜትር ወደ ውጭ ከተዘረጋ በእያንዳንዱ ወገን 3 ሜትር ተጨማሪ መሬት ይወስዳል። በሁለቱም ወገን 6 ሜትር ማለት ነው፤ በ100 ሜትር ርዝመት 600 ካሬ ሜትር። ወረቀቱ ላይ የተጻፈው 1,200 ካሬ ሜትር፣ መሬት ላይ የሄደው 1,800 ካሬ ሜትር ይሆናል፤ ከተወሰደው ሲሶው ሳይካስ ቀረ። መሬቱ ተቆርጦ በሚወርድበት በኩልም እንደዚያው ነው። ስለዚህ አባትዎ ቀያሹን የሚጠይቁት ስለ መንገዱ ስፋት ሳይሆን «የቁፋሮው፣ የሙሌቱና የቦዩ የመጨረሻ ዳር የት ነው?» ብለው ይሁን። ችካሉ እዚያ ዳር ላይ እንዲተከል፣ የተለካውም በካሬ ሜትር ተጽፎ እንዲፈረምበት ይጠይቁ። ሜትር ይዞ አብሮ የሚለካ ልጅ ወይም ጎረቤት ይኑር። ከመንገዱ ማዶ የሚቀረው ቁራጭ በሬ የማያዞር ጠባብ ከሆነ እሱም አብሮ እንዲወሰድና እንዲካስ አሁኑኑ በጽሑፍ ይጠየቅ፤ ኋላ ላይ ማንም አይሰማም።

ቆጠራው በሚካሄድበት ቀን አባትዎም እናትዎም ይገኙ። «ባሕር ዛፍ 1 ረድፍ» ተብሎ የተጻፈ ቆጠራ ዋጋ የለውም። በመጠን ይከፋፈል፦ ማገር የሚሆነው ስንት፣ ወራጅ ስንት፣ ቋሚ ስንት፣ አጠና ስንት። የየአንዳንዱ ዋጋ ይለያያል። ጌሾው ምርት የሚሰጠውና ገና ያልደረሰው ተለይቶ ይቆጠር፤ የሚያፈራ ተክል በሚሰጠው ምርት፣ ያልደረሰው ደግሞ እስካሁን ለማሳደግ በወጣበት ወጪ ነው የሚገመተው። ማድ ቤቱ በካሬ ሜትር ተለክቶ ግድግዳው ጭቃ መሆኑ፣ ቆርቆሮው ስንት እንደሆነ፣ ወለሉ፣ በሩ ሁሉ ይጻፍ። ሕጉ የሚጠይቀው ያረጀው ማድ ቤት ዛሬ ቢሸጥ ስንት ያወጣል ብሎ ሳይሆን ያንኑ ዛሬ መልሶ ለመሥራት ስንት ያስፈልጋል ብሎ ነው። አጥር፣ የውኃ ጉድጓድ፣ መጸዳጃ ቤት፣ እርከን፣ የመስኖ ቦይ በብዛት የሚረሱ ናቸው። መስመሩ ውስጥ ያለ የመብራት ቆጣሪ ወይም የውኃ መስመር ካለም ይመዝገብ። የተቆረጠውን ዛፍ ማን እንደሚወስደው አስቀድሞ በጽሑፍ ይታወቅ፤ ባለቤቱ ቆርጦ እንዲወስድ መፍቀድ የተለመደ ነው፤ ካልተጻፈ ግን ግንዱን ማሽኑ ገፍቶ አፈር ውስጥ ይቀብረዋል።

ከቆጠራው በፊት በስልክ ፎቶ ያንሱ፤ አንድ ጎረቤት ሜትር ዘርግቶ ቆሞ፣ ዛፉና ችካሉ በአንድ ላይ እየታዩ። ፎቶውን በዚያው ቀን በቴሌግራም ለእርስዎ ይላኩ። ቀኑ ተመዝግቦ ይቀመጣል፤ ዱባይ መሆንዎ በዚህ ይጠቅማል።

አሁን ወደ ብሩ። ካሳው ሁለት እግር አለው። አንደኛው የንብረት ካሳ ነው፤ አሁን የቆጠርነው ሁሉ። ሁለተኛው የመሬት ተጠቃሚነት ስለተቋረጠ የሚከፈለው የልማት ተነሺ ካሳ ነው። አንዱ ሌላውን አይተካም። ለተወሰደው የእርሻ መሬት ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ከተሰጠ የሚከፈለው የ1 ዓመት ገቢ ነው፤ ምትክ ካልተሰጠ የ15 ዓመት። መነሻ ገቢው ደግሞ ካለፉት 3 ዓመታት ከፍተኛው የተገኘበት ዓመት ነው። የተሻረው አዋጅ በ5 ዓመት አማካይ ገቢ ላይ ተመሥርቶ 10 ዕጥፍ ነበር የሚለው። «አማካይ» የሚለው ልማድ ከጽሕፈት ቤቶች ሙሉ በሙሉ ስላልጠፋ ምን እንደሚያጎድል በቁጥር እንይ።

ከተወሰደው 1,000 ካሬ ሜትሩ የሚታረስ ነው እንበል። ዋጋዎቹ ለምሳሌ ያህል የያዝኳቸው ናቸው። በመጀመሪያው ዓመት ጤፍ ተዘርቶ 2 ኩንታል ወጣ፤ ኩንታሉ በ12,000 ብር 24,000 ብር። በሁለተኛው ዓመት ያው ጤፍ 24,000 ብር፣ በበጋ ደግሞ በመስኖ 20 ኩንታል ሽንኩርት በ2,000 ብር 40,000 ብር፤ ድምር 64,000 ብር። በሦስተኛው ዓመት በቆሎ 5 ኩንታል በ4,000 ብር 20,000 ብር። የሦስቱ አማካይ 36,000 ብር ነው፤ በ15 ሲባዛ 540,000 ብር። በሕጉ መሠረት ግን መነሻው 64,000 ብር ነው፤ በ15 ሲባዛ 960,000 ብር። አንዲት ቃል 420,000 ብር ታሳጣለች።

ከዚህ ስሌት ሦስት ነገር ይከተላል። የበጋው ሽንኩርት እንዲቆጠር ማስረጃ ያስፈልጋል፤ የግብርና ባለሙያው መዝገብ፣ ከኅብረት ሥራ ማኅበሩ ዘርና ማዳበሪያ የተወሰደበት ደረሰኝ፣ የመስኖ ተጠቃሚዎች ስም ዝርዝር፣ የጎረቤት ምስክርነት። ሁለተኛ፣ ግምቱ የተሠራበት የነጠላ ዋጋ ሠንጠረዥ የየትኛው ዓመት እንደሆነ ይጠየቅ። ሰብልም ቆርቆሮም ሲሚንቶም ዋጋቸው በየጊዜው በሚጨምርበት አገር የቆየ ሠንጠረዥ ካሳውን ሳይታይ ይሸረሽረዋል፤ አቤቱታ ላይ «ዋጋው አንሷል» ከማለት «ሠንጠረዡ ከእገሌ ዓመት ነው፣ የዛሬው የወረዳው ገበያ ዋጋ ይህ ነው» ማለት ይደመጣል። ሦስተኛ፣ ጭዱም ገቢ ነውና እንዲመዘገብ ይጠይቁ።

ግምቱን መሥራት ያለበት ፈቃድ ያለው ገማች ነው፤ እሱ ከሌለ ለዚሁ የተቋቋመ የመንግሥት ተቋም፤ ሁለቱም በሌሉበት ወረዳው ከባለሙያዎች የሚያቋቁመው ኮሚቴ። በአብዛኛው ገጠር የሚሠራው ኮሚቴው ነው። አባትዎ የኮሚቴው አባላት የፈረሙበትን የግምት ቅጽ ቅጂ ይጠይቁ። ካልሰጡ ደግሞ ጥያቄውን በጽሑፍ አስገብተው፣ በያዙት ቅጂ ላይ የገቢ ማኅተም ያስመቱ።

ወደ «ፈቃደኝነቱ» ልመለስ። የቀበሌ መንገድ በሕዝብ ተሳትፎ ሲሠራ መሬት መስጠት የተለመደ ነው፤ በ2003 ዓ.ም. የተጀመረው የገጠር መንገድ ተደራሽነት ፕሮግራም ቀበሌዎችን ክረምት ከበጋ በሚያስኬድ መንገድ ሲያገናኝ ብዙ ገበሬ ከእርሻው ጠርዝ ያለ ካሳ ሰጥቷል። መንገዱ ማዳበሪያ ያመጣል፣ ምጥ የያዛትን ሴት በጊዜ ሐኪም ቤት ያደርሳል፤ ሰው ስለዚህ ብሎ ቢሰጥ ክብር ነው። ግን ስጦታ የሚባለው እምቢ ማለት ሲቻል ነው። በስብሰባ መካከል ጎረቤት ሁሉ እያየ «ልማት ትቃወማለህ?» ተብሎ የተወሰደ ፊርማ ፈቃድ አይደለም፤ ችግሩ ግን አንዴ ከተፈረመ በኋላ ግፊት እንደነበር የማስረዳት ሸክሙ በፈራሚው ላይ ይወድቃል። ስለዚህ የምመክረው አለመፈረም ነው። አባትዎ እንዲህ ቢሉ ይበቃል፦ «መንገዱን እደግፋለሁ፤ ንብረቴ በአዋጁ ተገምቶ ይከፈለኝ»። ይህንኑ በጽሑፍ ያስገቡ፤ ልማት ተቃዋሚ የሚያሰኝ አንዳች ነገር የለበትም።

አስበውበት ከመሬቱ ጥቂት መስጠት ከፈለጉ እንኳ በቀበሌው ወረቀት አይሁን። የተሰጠው በካሬ ሜትር ይጻፍ፤ ደብተሩ በባልና ሚስት ስም ከሆነ እናትዎም ይፈርሙ፤ የማድ ቤቱ፣ የጌሾውና የዛፉ ካሳ እንደማይቀር በግልጽ ይግባ። «ለመንገዱ የሚያስፈልገውን ሁሉ» የሚል ቃል ካለበት አይፈርሙ፤ መጨረሻው የማይታወቅ ነው።

ማስታወቂያው በጽሑፍ ሲደርስ ሰዓቱ መቁጠር ይጀምራል። በልኬቱ፣ በቆጠራው ወይም በካሳው ቅር የተሰኘ ሰው ማስታወቂያው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ክልሉ ላቋቋመው አቤቱታ ሰሚ አካል ያመለክታል፤ ያ አካል በ30 ቀን ይወስናል። ያላረካው ሰው ውሳኔው በጽሑፍ በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤው ያቀርባል፤ ከዚያ በኋላ ነው ፍርድ ቤት የሚኬደው፣ እሱም በ30 ቀን ውስጥ። ማስታወቂያው ላይ ያጠረ ቀን ተጽፎ ከሆነ ባጠረው ቀን ይንቀሳቀሱ። በዓል ነው፣ ዝናብ ነው፣ ጸሐፊዋ የለችም ተብሎ ያለፈ ቀን ተመልሶ አይገኝም። ለወረዳው አስተዳዳሪ በቃል አቤት ማለት፣ ሽማግሌ መላክ፣ ለዕንባ ጠባቂ ተቋም ማመልከት ጥሩ ናቸው፤ ግን አንዳቸውም ያን 30 ቀን አያቆሙትም። ጎን ለጎን ይሁኑ እንጂ በምትኩ አይሁኑ።

ጎረቤቶች ተሰብስበው አንድ አቤቱታ የመጻፍ ልማድ አለ። ለመስመር መዛወር ወይም ለውይይት መጓደል ይጠቅማል። ለካሳ ግን እያንዳንዱ ባለይዞታ ለብቻው ያመልክት፤ የአንዱ ጌሾ፣ የሌላው ቤት፣ የሦስተኛው መስኖ በአንድ ወረቀት ሲታጨቅ ሁሉም «ካሳ ይጨመርልን» የሚል ጠቅላላ ጩኸት ሆኖ ይቀራል። መሬቱን በእኩል የሚያርስ ሌላ ሰው ካለ እሱም በሰብሉ ላይ ጥቅም ስላለው በራሱ ስም ማመልከት ይችላል።

ማስታወቂያም ክፍያም ሳይኖር ማሽን ቢገባስ? ያኔ ነገሩ የካሳ ማነስ ክርክር መሆኑ ይቀርና ሕገወጥ የሁከት ተግባር ይሆናል። አባትዎ ለማሽኑ ነጂ አንድ ቃል አይናገሩ፤ ነጂው ታዛዥ ነው። ኃላፊውን «የተወሰነበትን ደብዳቤ አሳዩኝ» ብለው ይጠይቁ፣ ሁለት ምስክር ይያዙ፣ ፎቶ ይነሳ። በዚያው ቀን ለወረዳው አስተዳደር ደብዳቤ ያስገቡ፣ ግልባጩን ለዞኑ ያድርሱ። ከዚያ ለወረዳው ፍርድ ቤት የሁከት ይወገድልኝ ክስ ያቅርቡ። መሠረቱ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 ነው፤ ሁከቱ ከተፈጠረ 2 ዓመት ካለፈ ክሱ ይታገዳል፣ እርስዎ ግን ቀናት አያሳልፉ፣ የተናደ ማድ ቤት በእግድ አይቆምምና። ከክሱ ጋር በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 መሠረት ጊዜያዊ የእግድ ማመልከቻ አብሮ ይግባ፤ የይዞታ ደብተሩ ቅጂ፣ ፎቶውና የምስክሮች ቃለ መሐላ ይያያዝ።

እዚህ ላይ ጠበቆችም ሳይቀሩ የሚሳሳቱበት ነገር አለ። የጽሑፍ የማስለቀቅ ትእዛዝ ደርሶ ከሆነ ቀጥታ ፍርድ ቤት መሄድ አያዋጣም፤ «መጀመሪያ ለአቤቱታ ሰሚው አቅርብ» ተብሎ መዝገቡ ይዘጋል፣ ያ ሁሉ ሲሆን 30 ቀኑ ያልፋል። ትእዛዝ ከሌለ ደግሞ የሚቃወሙት ውሳኔ ስለሌለ በሩ ፍርድ ቤቱ ነው። ስለዚህ ከሁሉ በፊት የሚጣራው ነገር፦ ወረቀት አለ ወይስ የለም?

ማን ይከፍላል ለሚለው፣ ይህ የወረዳ መንገድ ስለሆነ ጥያቄው ለወረዳውና ለክልሉ ነው። ፌዴራል መንግሥት በሚያሠራው መንገድም ቢሆን ከ2016ቱ ማሻሻያ ወዲህ የካሳው ግዴታ ወደ ክልሎችና ከተማ አስተዳደሮች ዞሯል፤ ወደ አዲስ አበባ ወጥቶ የኢትዮጵያ መንገዶች አስተዳደርን ደጅ መጥናት ጊዜ ይበላል። «በጀት አልተያዘም» የሚለው መልስ እውነት ሊሆን ይችላል፤ ብዙ ወረዳ ለጠጠሩና ለነዳጁ እንጂ ለካሳው አይመድብም። ግን በጀት አለመኖር ክፍያን ከማስለቀቅ በኋላ የሚያደርግ የሕግ ምክንያት አይደለም። በጀቱ እስኪገኝ መንገዱ ያን 100 ሜትር ዘልሎ ከወዲያ ማዶ መቀጠል ይችላል፤ በመንገድ ሥራ የተለመደ ነው።

ከችካሉ ውጭ የሚደርስ ጉዳትም አለ። ሥራው ሲጀመር ተቋራጩ ገረጋንቲ የሚያወጣበት ጉድጓድ፣ የመኪና ማለፊያ፣ የድንጋይ ማከማቻ ከአባትዎ መሬት ቢፈልግ ይህ ጊዜያዊ መያዝ ነው፤ መሬቱ እስኪመለስ ድረስ በየዓመቱ የታጣው ገቢ ይካሳል። መሬቱ ሲመለስ የላዩ ጥቁር አፈር ተመልሶ እንዲለበስ ከመጀመሪያው በውል ይጻፍ፤ ገረጋንቲ የወጣበት መሬት አፈሩ ካልተመለሰለት ለዓመታት ሣር እንኳ አያበቅልም። ሮለሩ ሲያልፍ ግድግዳ ቢሰነጠቅ ወይም ቱቦ ሳይቀበር ቀርቶ የመንገዱ ጎርፍ ጓሮ ቢገባ ያ ከውል ውጭ የሚደርስ ኃላፊነት ነው፤ ክሱ በ2 ዓመት ይርጋ ይታገዳል። ውኃ የሚያልፍበትን ቦታ ከእርስዎ አባት በላይ የሚያውቅ መሐንዲስ የለም። ክረምት ጎርፉ የት እንደሚሄድ ለቀያሹ አሁን ያሳዩት፣ ቱቦ የሚቀበርበት ቦታ በካርታው ላይ ምልክት ይደረግበት።

የእርስዎን ድርሻ በተመለከተ፣ ባለይዞታው አባትዎ ስለሆኑ እርስዎ በራስዎ ስም አቤቱታ ማቅረብ አይችሉም። መመላለስ ከከበዳቸው ውክልናውን እሳቸውና እናትዎ ለሚያምኑት የቅርብ ሰው ይስጡ። ውክልናው «ስለ መሬቴ ሁሉን እንዲያደርግ» ከሚል ይልቅ በዝርዝር ይጻፍ፦ በቆጠራና በግምት ላይ ለመገኘት፣ አቤቱታና ይግባኝ ለማቅረብ፣ ክስ ለመመሥረት። ካሳ መቀበልን ግን ከውክልናው ውስጥ አያስገቡ። ገንዘቡ በባንክ፣ በሁለቱ ወላጆችዎ የጋራ ሒሳብ ይግባ።

ክፍያው ሲመጣ ቢያንስም አይግፉት። አልቀበልም የተባለ ገንዘብ በዝግ ሒሳብ ይቀመጣል፣ መሬቱ ግን መወሰዱ አይቀርም። አባትዎ ገንዘቡን ተቀብለው ከፊርማቸው ጎን በገዛ እጃቸው እንዲህ ይጻፉ፦ «ይህን የተቀበልኩት በካሳው መጠን ላይ ያቀረብኩት አቤቱታ እንደተጠበቀ ሆኖ ነው።» ካልተፈቀደላቸው በዚያው ቀን ይህንኑ በደብዳቤ አስገብተው ማኅተም ያስመቱበት። መሬቱን ሲያስረክቡም ስፋቱ በካሬ ሜትር የተጻፈበት የርክክብ ወረቀት ይያዙ፤ ያን ይዘው ወረዳው መሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት ይሂዱና ደብተሩ ላይ ያለው ስፋትና ካርታው ይስተካከል፤ ካልተስተካከለ መንገድ ለሆነ መሬት በየዓመቱ ግብር ሲከፍሉ ይኖራሉ።